ከፕሮስቴት ቀዶ ሕክምና በኋላ የታዘዘልኝ የአየር መሳቢያ ፓምፕ፦ አያያዙን የሚያውቅ ይንገረኝ

ጠያቂ፦ ባለ ሳጥኑ (ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ)

ጤና ይስጥልኝ። 56 ዓመቴ ነው፤ ባለ ትዳርና የሁለት ሴቶች ልጆች አባት ነኝ። ከ14 ወራት በፊት በካንሰር ምክንያት የፕሮስቴት ዕጢዬ ሙሉ በሙሉ ወጥቷል። እግዚአብሔር ይመስገን፣ ካንሰሩ አልተመለሰም። ሽንቴንም ከአራት ወር በኋላ መቆጣጠር ችያለሁ። ያልተመለሰልኝ የብልቴ መቆም ነው። ሐኪሜ ነርቮቹ እንደተረፉ፣ ነገር ግን እስኪያገግሙ እስከ ሁለት ዓመት ሊፈጅ እንደሚችል ነግሮኝ፣ እስከዚያው ከባለቤቴ ጋር እንድንገናኝም፣ ሥጋው ደም እንዳያጣም ብሎ በባትሪ የሚሠራ የአየር መሳቢያ ፓምፕ አዘዘልኝ። ሲሊንደሩ ውስጥ አስገብተህ አየሩ ሲሳብ ደም ይመጣል፣ ከዚያ ሥሩ ላይ የጎማ ቀለበት ታጠልቃለህ። ብዙዎቻችሁ ታውቁት ይሆናል፤ እኔ ግን ስለዚህ ዕቃ በአማርኛ የተጻፈ አንድ መስመር እንኳ ፈልጌ አጣሁ። ሐኪሙ በእንግሊዝኛ ሲያስረዳኝ ደግሞ ከሀፍረት የተነሳ ያልገባኝንም ገብቶኛል እያልኩ ራሴን ነቅንቄ ወጣሁ።

ያጋጠመኝን ልዘርዝር። ለሰባት ወራት በየጊዜው ተጠቅሜበታለሁ። መጀመሪያ ጥሩ ይሠራ ነበር። አሁን ግን ሞተሩ እየጮኸ አየሩ አይያዝም። ሲሊንደሩ ብርጭቆ የመሰለ ጥርት ያለ ነበር፤ አሁን አፉ አካባቢ ነጫጭ ጭረቶች ሞልተውበታል። ንጽሕናውን ለመጠበቅ ብዬ ሁልጊዜ በአልኮል ነው የምጠርገው። ማለስለሻ አድርጌ የምቀባው ቫዝሊን ነው። ቀለበቱ ደርቆ ባለፈው ሳምንት ስዘረጋው ተሰነጠቀ። ቆዳዬ ላይ ደግሞ የበርበሬ ፍሬ የሚያህሉ ቀያይ ነጥቦች ወጥተዋል። ባለቤቴ ቀለበቱ ከገባ በኋላ ነክታኝ «ምነው እንዲህ ቀዘቀዝክ?» ብላ ደነገጠች፤ መልኩም ወደ ሰማያዊ ያደላ ነበር። ከዚያ ቀን ወዲህ ሁለታችንም ፈርተን ትተነዋል።

ቤት ውስጥ ልጆች አሉ፤ አማቴም ከደሴ መጥተው ለአምስት ወር አብረውን ናቸው። ስለዚህ ዕቃውን በመፍቻ ሳጥን ውስጥ አድርጌ የመኪናዬ የኋላ ዕቃ መጫኛ ውስጥ ነው የማስቀምጠው። አንድ ነገር ልጨምር፦ ሐኪሜ ግንኙነት ባይኖርም እንኳ ያለ ቀለበት በየቀኑ እንድለማመድበት ነግሮኛል። ዐቢይ ጾም ሲገባ ምን ላድርግ? 55 ቀን ማቋረጥ ይጎዳኝ ይሆን?

መልስ፦ የመስኮት ጠጋኙ (አዲስ አበባ)

ወንድሜ፣ እኔ 69 ዓመቴ ነው፤ አንተ ብልህ ቅር እንደማይልህ ተስፋ አለኝ። ከስድስት ዓመት በፊት ያንኑ ቀዶ ሕክምና አድርጌያለሁ። ፓምፑን ልጄ ከውጭ አገር አምጥቶልኝ እስከ አሁን በዚያው ነው የምጠቀመው፤ ሲሊንደሩ ዛሬም እንደ ምንጭ ውሃ ጥርት ያለ ነው። ይህን የምለው ልመካ አይደለም። በ31 ዓመት የአውሮፕላን ጥገና ሥራዬ የተማርኩት እዚህ ስለጠቀመኝ ነው።

የመንገደኛ አውሮፕላን መስኮት ብርጭቆ አይደለም፤ አክሪሊክ የሚባል ጠንካራ ፕላስቲክ ነው። ወደ ሥራ እንደገባሁ አለቃችን ያስተማሩን የመጀመሪያው ነገር አክሪሊክ ላይ አልኮልም ሆነ አሴቶን እንዳናስነካ ነበር። አንድ ጀማሪ ባልደረባዬ የቀለም ነጠብጣብ ላስለቅቅ ብሎ በአልኮል የጠረገውን መስኮት አስታውሳለሁ። ወዲያው ምንም አልታየበትም። ከጥቂት ጊዜ በኋላ በእጅ ባትሪ ከጎን ሲያበሩበት የሸረሪት ድር የመሰለ ስንጥቅ ውስጡን ሞልቶት ነበር። እጅህን ብታሳርፍበት ምንም አይሰማህም፤ ፕላስቲኩ ግን ከውስጥ ተፈልጧል። ይህ የሚሆነው ፕላስቲኩ ጫና ባለበት ቦታ ነው። ያንተም ሲሊንደር አየር በተሳበ ቁጥር ጫናው የሚበረታው ጠርዙ ላይ ነው፤ ጭረቱ አፉ አካባቢ የበዛውም ለዚህ ይመስለኛል። አሁን ጨለማ ክፍል ውስጥ በስልክህ መብራት ከጎን አብራበት። መስመሮቹ ከውስጥ የሚያብረቀርቁ ከሆነ ያ ሲሊንደር አብቅቶለታል፤ ሥጋህን አታስገባበት። አዲስ ግዛ።

አጠባቡ ቀላል ነው። እንደጨረስክ፣ ማለስለሻው ሳይደርቅ፣ ሲሊንደሩን ከሞተሩ ለይተህ ለብ ባለ ውሃና በለስላሳ የገላ ሳሙና በእጅህ እጠበው። የፈላ ውሃ አይሆንም። ሻካራ ስፖንጅ አይሆንም። ጠርዙ ላይ ያለውን የጎማ ማሸጊያ አውጥተህ ከሥሩ እጠብ፤ እዚያ የቀረች አንዲት ፀጉር ናት ብዙ ጊዜ አየር የምታስገባው። ሞተሩ ውሃ ውስጥ አይነከርም፤ በእርጥብ ጨርቅ ይጠረጋል። ከዚያ ሁሉንም በንጹሕ ፎጣ ላይ ዘርግተህ በራሱ ጊዜ ይድረቅ። ፀሐይ ላይ አታስጣው። እርጥብ እንዳለ ሳጥን ውስጥ የተዘጋ ጎማ ይሻግታል። ለብዙ ቀን የማትጠቀም ከሆነ ባትሪውን አውጣ።

ቫዝሊንን ዛሬውኑ ተወው። ቫዝሊን ከነዳጅ የሚወጣ ነው፤ የተፈጥሮ ጎማ ደግሞ ከነዳጅ ዘይት ጋር አይስማማም፤ ያብጣል፣ ይላላል፣ ከዚያ ይበጣጠሳል። በሥራዬ ስንት ማሸጊያ የተሳሳተ ዘይት ነክቶት ስቀይር ኖሬያለሁ። በውሃ የተሠራ ማለስለሻ ጄል ፋርማሲ ይገኛል። ብልትህ ላይና ጠርዙ ላይ ቀባ፤ የሥሩን ፀጉር ደግሞ አሳጥረህ ቁረጠው። አየሩ የሚጠበቀው በእነዚህ ነገሮች ነው።

አሁን ወደ ሳጥንህ ልምጣ፤ ይህን ጉዳይ ከሁሉ በላይ አድርጌ ነው የማየው። ፀሐይ ላይ የቆመ መኪና በነሐሴ ሙቀት ውስጡ ምን እንደሚሆን ታውቃለህ። ጎማ በሙቀት ይደርቃል፣ ባትሪ ያፈሳል። ቀለበትህን የሰነጠቀው ቫዝሊኑ ብቻ አይደለም፤ መኪናውም ነው። በዚያ ላይ ከመፍቻና ከሽቦ ጋር የሚንከላወስ ዕቃ ጠርዙ መጫሩ አይቀርም። የተጫረ ጠርዝ ደግሞ አየር አይይዝም፣ ቆዳም ይቆርጣል። እባክህ ቤት አስገባው። የስኳር በሽታ መርፌ ተደብቆ መኪና ውስጥ አይቀመጥም። ይህም በሐኪም የታዘዘ የሕክምና መሣሪያ ነው።

አጠቃቀሙን በተመለከተ ዋናው ነገር አለመቸኮል ነው። እኔ አንድ ሁለት ሰከንድ አየሩን ስቤ አቆማለሁ፤ እንደገና ትንሽ እስባለሁ። ከአንድ ሁለት ደቂቃ በኋላ አየሩን በመልቀቂያው ቁልፍ ሙሉ በሙሉ እለቃለሁ፤ ከዚያ እንደገና ለሦስት አራት ደቂቃ እጀምራለሁ። ሁለተኛው ዙር ሁልጊዜ ከመጀመሪያው የተሻለ ነው። ሕመም ከተሰማህ ፍጥነቱ በዝቷል ማለት ነው፤ አየሩን ልቀቅ። አየሩን ሳትለቅ ሲሊንደሩን በኃይል መንጭቀህ እንዳታወጣ። የቆለጥህ ቆዳ ወደ ውስጥ እንዳይሳብ ሲሊንደሩን ትንሽ ወደ ታች አዘንብለህ ያዝ። ቀለበቱ የሚይዘው ከእሱ ወዲህ ያለውን ብቻ ስለሆነ ሥሩ እንደ በር ማጠፊያ ይወዛወዛል፤ አይደንግጥህ፣ በእጅ እየደገፉ ማስገባት ነው።

ይህን ፓምፕ ለሰው ያበቃውን ሰው ታሪክ ሳነብ ደስ ብሎኝ ነበር። ሐኪም አልነበረም። ጌዲንግስ ኦስቦን ይባላል፣ የአሜሪካው ጆርጂያ ግዛት ሰው ነው፤ እንጀራው የመኪና ጎማ ነበር። በ1960ዎቹ ለገዛ ችግሩ ብሎ ሠራው፤ የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት ባለሥልጣን የፈቀደለት ግን በ1982 ነው፣ ሁለቱም በአውሮፓውያን አቆጣጠር። ያን ያህል ዓመት ሳይሰለች ደጅ መጥናቱ ለእኔና ላንተ ጠቀመን።

ስለ ጾሙ፦ እኔም ተጨንቄ የንስሐ አባቴን ጠየቅኋቸው። ሙሉውን ነገርኳቸው፤ ምንም አልደበቅኩም። በጥሞና ሰምተው «ይህ ለሥጋህ የታዘዘ መድኃኒት ነው፤ ጾምህን በልብህ ጠብቅ» አሉኝ። ስለዚህ በጾም ቀለበቱ አይነካም፤ ልምምዱ ግን ሐኪሜ ባዘዘኝ መሠረት ማለዳ ለአሥር ደቂቃ ይቀጥላል። ያንተን አባት አንተው ጠይቅ፤ የእኔን መልስ ላንተ ሕግ አላደርገውም።

መልስ፦ ነርስ ነኝ (ስቶክሆልም)

ጋሼ፣ በሽንት ቧንቧና በፕሮስቴት ሕክምና ክፍል ነው የምሠራው። ጋሼ የመስኮት ጠጋኙ ስለ ዕቃው የጻፉት ትክክል ነው፤ እኔ ስለ ገላዎ ልጨምር።

ቀያዮቹ ነጥቦች አየሩ በፍጥነት ሲሳብ ከሚፈነዱ ጥቃቅን የደም ሥሮች የሚመጡ ናቸው። አብዛኛውን ጊዜ በጥቂት ቀናት ይጠፋሉ፤ እስኪጠፉ ድረስ ግን አይጠቀሙ። ደም የሚያቀጥን መድኃኒት የሚወስዱ ከሆነ ግን ሳይጠቀሙ በፊት ለሐኪምዎ ይንገሩ። እንደዚሁ የደም ሕዋስ ሕመም ያለበት ሰው፣ ለምሳሌ ሲክል ሴል ወይም የደም ካንሰር ያለበት፣ በራሱ ፈቃድ መጀመር የለበትም።

መቀዝቀዙና መጥቆሩ የሚጠበቅ ነው። ቀለበቱ ደሙን ስለሚያግድ ትኩስ ደም አይገባም። ለዚያም ነው ሰዓት ማየት ግድ የሚሆነው፦ ቀለበቱ ከ30 ደቂቃ በላይ አይቆይም፤ ዳግመኛ ለመጠቀም ቢያንስ 60 ደቂቃ ይጠብቁ። ቀለበቱን አድርጎ መተኛት ፈጽሞ አይቻልም። መጠጥ ጠጥተውም አይጠቀሙ፤ እንቅልፍ ሊጥልዎ ይችላል። የስኳር ሕመም ያለባቸው ወንዶች ስሜታቸው ስለሚደነዝዝ ሕመሙ አያስጠነቅቃቸውም፤ እነርሱ የስልክ ማንቂያ ይሙሉ።

እርስዎ ያልጠየቁትን አንድ ነገር ልንገርዎ፤ ብዙ ሰው አፍሮ ሳይጠይቀኝ ይሄዳል። ፕሮስቴት ሲወጣ የዘር ፈሳሽ ይቀራል፤ እርካታ ግን አይቀርም። ብልት ሳይቆምም እንኳ ወደ እርካታ መድረስ ይቻላል። «ደረቅ ሆነ» ብለው ወንድነታቸው ያለቀ የመሰላቸውን ብዙ አባቶች አጽናንቻለሁ። ከጊዜ በኋላ ብልትዎ እየጎበጠ ወይም ሲነካ እያመመ ከመጣ ግን ሳይውሉ ሳያድሩ ለሐኪም ያሳዩ።

መልስ፦ አበባው (ሐዋሳ)

እዚህ ቀለበቱን ማግኘት ይከብዳል። የእኔ ሲበጠስ ጠንካራ ላስቲክ አጥፌ ልጠቀም እያሰብኩ ነበር። ምን ትላላችሁ?

መልስ፦ ነርስ ነኝ

ወንድም አበባው፣ እባክህን አታድርገው። ላስቲክ፣ ክር፣ የፀጉር ማስያዣ፣ የብረት ቀለበት፣ ሁሉም አይሆኑም። ለፓምፑ የተሠራው ቀለበት በሁለት ወገን መሳቢያ ጆሮ ያለው እኮ በአንድ ጊዜ ዘርግቶ ለማውጣት ነው። ላስቲክ ሥጋው ካበጠ በኋላ አይወጣም። በመጋዝ የተቆረጠለት ሰው አይቻለሁ፤ ሌሊቱን ሙሉ በሀፍረት ቆይቶ ነው የመጣው። እውነተኛው ቀለበት እስኪደርስህ ድረስ ፓምፑን ያለ ቀለበት ለልምምድ ብቻ ተጠቀምበት።

መልስ፦ የአስቴር እናት (አሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ)

እኔ ሚስት ነኝ። ባለቤቴ የስኳር ሕመምተኛ ነው፤ ፓምፑን ሁለት ዓመት ተጠቅመንበታል። እኔ ያገኘሁት ግን ከእሱ አንደበት ሰምቼ ሳይሆን የክረምት ጫማዬን ስፈልግ ከቁም ሳጥኑ ጀርባ ነው። ያን ቀን የተሰማኝን ቅያሜ መግለጽ አልችልም። ዕቃው አላስቀየመኝም፤ ስድስት ወር ሙሉ ብቻውን መታጠቢያ ቤት ገብቶ በር ቆልፎ ከችግሩ ጋር መታገሉ ነው ያንገበገበኝ። እኔ ደግሞ ከእኔ የሸሸ መስሎኝ ፊቴን ወደ ግድግዳ አዙሬ ነበር የምተኛው።

ወንድሜ፣ ባለቤትህ ቅዝቃዜው ያስደነገጣት ምክንያቱን ስላልነገርካት ነው። እኛ የምናደርገውን ልንገርህ። ከመጀመራችን በፊት ትንሽ ፎጣ በሙቅ ውሃ ነክሬ እጨምቅና ጎን አስቀምጣለሁ። ጄሉንም ቱቦውን በመዳፌ ይዤ አሞቀዋለሁ። አየሩን ሲስብ ሰዓቱን የማየው እኔ ነኝ፤ ቀለበቱን ሲያጠልቅ እኔ ሲሊንደሩን እይዝለታለሁ። ሲጨርስ ቀለበቱን አውጥተን ፎጣውን እናሳርፍበታለን፤ ደሙ ተመልሶ መልኩ ሲለወጥ እጄ ሥር ይታወቀኛል። አጠባው የእኔ ነው፤ እሱ ደግሞ ማድረቁንና ማስቀመጡን ይወስዳል። አሁን መኝታ ቤት፣ ትራሶች በምናስቀምጥበት መሳቢያ ውስጥ ነው ያለው፣ በዳንቴል ከረጢት። ልጆች የወላጆቻቸውን መሳቢያ እንዳይከፍቱ ማስተማር ይቻላል። አማትህም በእንግድነታቸው ያንተን መሳቢያ አይከፍቱም።

አንድ የገንዘብ ነገር፦ ሜዲኬር (የአሜሪካ መንግሥት በዋናነት ለአረጋውያን የሚሰጠው የጤና መድን) በአውሮፓውያን አቆጣጠር ከ2015 ሐምሌ ወር ጀምሮ ለዚህ ዕቃ አይከፍልም። ያንተ መድን ግን የተለየ ሊሆን ስለሚችል ጠይቅ። ሙሉውን ዕቃ ከመግዛትህ በፊትም አምራቹ ሲሊንደሩን፣ ማሸጊያውንና ቀለበቱን ለየብቻ ይሸጥ እንደሆነ እወቅ፤ እኛ ቀለበት ብቻ ነው የምንገዛው።

መልስ፦ ብቸኛው (ፍራንክፈርት)

ጋሼ የመስኮት ጠጋኙ፣ ከርዕሱ ትንሽ ብወጣ ይቅርታ ያድርጉልኝ። እኔ ሕመም የለብኝም፤ 34 ዓመቴ ነው፣ ብቻዬን እኖራለሁ። ለወንዶች ከሚሸጡት ከለስላሳ ጎማ የተሠራ የብቸኝነት መሣሪያ አለኝ። ከጊዜ በኋላ ይጣበቃል፣ ሽታም አምጥቷል። እርስዎ ጎማ ያውቃሉና የሚሉኝ አለ?

መልስ፦ የመስኮት ጠጋኙ

ልጄ፣ ምንም ይቅርታ አያስፈልግህም። በመጀመሪያ ከምን እንደተሠራ ካርቶኑ ላይ አንብብ። ሲሊኮን ከሆነ ገጹ ድፍን ነው፤ ቆሻሻ አይዘልቀውም፣ በሳሙና በደንብ ይጸዳል። እንዲህ እንደ ሥጋ የሚለሰልሰውና ዋጋው የሚረክሰው ግን ብዙውን ጊዜ ሌላ ዓይነት ጎማ ነው፤ በዓይን የማይታዩ ቀዳዳዎች አሉት፣ እርጥበትና ጀርም ይይዛል። ያንተ ይህ ሳይሆን አይቀርም። ይህኛው አይቀቀልም፤ ሙቀት ያቀልጠዋል። ከተጠቀምክ በኋላ ወዲያውኑ ለብ ባለ ውሃና በለስላሳ ሳሙና ውስጡንም ውጭውንም እጠብ፤ ከቻልክ ወደ ውጭ ገልብጠው። ዋናው ነገር ውስጡ መድረቁ ነው፤ የማይበጣጠስ ጨርቅ አስገብተህ ውሃውን ምጠጥ፣ ከዚያ አየር ላይ ተወው። ሲደርቅ የሚጣበቀውን ገጽ በትንሽ የበቆሎ ስታርች አቧራ አድርገህ አልብሰው፤ ታልክ ያለበት ፓውደር አይሁን።

ማለስለሻው በውሃ የተሠራ ይሁን። በሲሊኮን የተሠራ ማለስለሻ የሲሊኮን ዕቃን ያበላሻል። ሁለት ዕቃዎችም ከሆኑ አንድ ላይ ተነካክተው አይቀመጡ፤ ጎማ ከጎማ ጋር ይጣበቃል፣ ይቀልጣል። ለሌላ ሰው አታውስ። ሽታ ያመጣው ግን ታጥቦ አይመለስም፤ ጣለውና ሌላ ግዛ። ቆዳህን እያሳከከህ ወይም እየቆሰለ ከሆነ ደግሞ ዕቃውን ትተህ ሐኪም ጋር ሂድ።

መልስ፦ ባለ ሳጥኑ

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ትናንት ማታ እንደተባልኩት መብራት አጥፍቼ በስልኬ አበራሁበት። ጋሼ፣ ልክ እንዳሉት ነው፤ ከውስጥ በኩል እንደ ውርጭ የሚያብረቀርቁ መስመሮች ከአፉ ጀምረው እስከ ግማሹ ወጥተዋል። ባለቤቴ ስልኩን ይዛልኝ ነበር። የአስቴርን እናት ጽሑፍ አንብቤላታለሁ፤ ፎጣው ላይ ስደርስ አስቁማ እንደገና አስነበበችኝ። ከዚያ «ለምን መኪና ውስጥ?» አለችኝ። ለረጅም ሰዓት ተነጋገርን።

አዲስ ሲሊንደር፣ ሁለት ቀለበትና ጄል አዝዣለሁ፤ በአሥር ቀን ይደርሳል ተብሏል። ነጥቦቹም እየደበዘዙ ነው። ሐሙስ ሐኪም ጋር ቀጠሮ አለኝ፤ በዚህ ጊዜ ባለቤቴም አብራኝ ትገባለች፤ ያልገባኝንም አልገባኝም እላለሁ። አንድ የቀረኝ ጥያቄ፦ ሞተሩ ራሱ ተበላሽቶ እንደሆነ ሲሊንደሩ ሳይመጣ በፊት ማወቅ እችላለሁ?

መልስ፦ የመስኮት ጠጋኙ

ትችላለህ። መጀመሪያ የባትሪውን ክፍል ክፈትና ነጭ ወይም አረንጓዴ ዝገት መኖሩን እይ፤ ካለ ሞተሩን ሳትሞክር ለአምራቹ ጻፍ። ንጹሕ ከሆነ አዲስ ባትሪ አስገባ፤ የአውራ ጣትህን ሆድ በውሃ አርጥበህ የሞተሩን መሳቢያ ቀዳዳ ድፈንበት፣ ከዚያ አንድ ሰከንድ ብቻ አስነሳው። ጣትህን ከያዘና የሞተሩ ድምፅ ከተለወጠ ደህና ነው። ሲሊንደሩ ሲደርስ ደግሞ ጠርዙን በጄል ቀብተህ መዳፍህ ላይ ግጥም አድርገህ ሳብ፤ ሞተሩን አጥፍተህ እስከ ሠላሳ ቁጠር። ሳይላቀቅ ከቆየ አየር አያስገባም። የመልቀቂያውን ቁልፍም በዚያው ሞክረው፤ ወዲያው ካልለቀቀ አትጠቀምበት።

የሐሙሱን ቀጠሮህን ውጤት ጻፍልን።